የቻይናዊቱ የቴኒስ ተጫዋች የትርፍና የኪሣራ መዝገብ



በዚህ ሳምንታዊ ጋዜጣችን ላይ ስለ ቡና ዋጋ፣ ስለ ጉምሩክ ቀረጥ፣ ስለ መርከብ ጭነትና ስለ ኤልሲ አከፋፈት ማንበብ የለመደ ነጋዴ፣ ስለ ቴኒስ ጨዋታ የተጻፈ ሐተታ ባገኘ ጊዜ ገጹ ከሌላ ጋዜጣ ተቀድዶ የገባ ሊመስለው ይችላል። ሆኖም እኔ በዛሬው ጽሑፌ የማነሣው ስለ ራኬት አያያዝና ስለ ኳስ አመታት አይደለም፤ ይህን እኔም አላውቅበትም። የማነሣው ከአገር አገር እየዞረች ችሎታዋን በዓለም ገበያ ላይ ስለምትሸጥ አንዲት ቻይናዊት የገቢና የወጪ መዝገብ ነው።

የነገሩ መነሻ እንዲህ ነው። ባለፈው ሰኔ የዓመቱን ሒሳብ ለመዝጋት በምሠራበት ንግድ ቤት መጋዘን ውስጥ የዕቃ ቆጠራ ስናካሂድ፣ ለልብስ ስፌት መኪና መለዋወጫ የተመደበው መደርደሪያ ከሦስት ዓመት ወዲህ እምብዛም እንዳልተነካ ታወቀ። አሠሪዬ በንግድ ዓለም ከ40 ዓመት በላይ የቆዩ ሰው ናቸው። «ሦስት ዓመት ያልተሸጠ ዕቃ፣ ዕቃ መሆኑ ቀርቶ ኪራይ የማይከፍል ተከራይ ሆኗል፤ በተገኘው ዋጋ ይውጣ» አሉ። እኔም የጸሐፊነቴን ወሰን አልፌ፣ «ጋሼ፣ አሥራ አራት ጊዜ ከስሮ በአሥራ አምስተኛው ያተረፈ ሰው አውቃለሁ» ብዬ መለስሁላቸው። ማን እንደ ሆነ ጠየቁኝ። ቻይናዊት የቴኒስ ተጫዋች መሆንዋን ስነግራቸው ሳቁና፣ «እንግዲያውስ ሒሳብዋን ጽፈሽ አምጪልኝ፤ ወሬ በቃል፣ ንግድ በመዝገብ ነው» አሉኝ።

ይህ ጽሑፍ ያ ሒሳብ ነው። ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ የጻፍሁት እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆኑን አንባቢ ይወቅልኝ።

ተጫዋቿ ዣንግ ሹዋይ ትባላለች። በቻይናውያን ልማድ የቤተ ሰብ ስም ስለሚቀድም ወይዘሪት ዣንግ ብለን ብንጠራት ትክክል ነው። የተወለደችው በ1989 ዓ.ም. በቲያንጂን ከተማ ሲሆን፣ ከቻይና ዕቃ የሚያስመጡ አንባብያን ይህችን ከተማ የቤይጂንግ የባሕር በር መሆንዋን ስለሚያውቁ ብዙ ማብራራት አያሻኝም።

እርስዋ ልጅ በነበረችበት ዘመን የቻይና ቴኒስ የመንግሥት ሥራ ነበር። የቴኒስ ጨዋታ በ1988 ዓ.ም. በሴኡል ወደ ኦሊምፒክ ከተመለሰ በኋላ፣ የቻይና መንግሥት እንደ ሌሎቹ የኦሊምፒክ ጨዋታዎች ሁሉ ይህንንም በስፖርት ትምህርት ቤቶቹ አቀፈው። ተጫዋቹ ከልጅነቱ ጀምሮ ምግቡ፣ መኝታው፣ አሠልጣኙና የጉዞው ወጪ በመንግሥት ይቻላል፤ በዚህ ፈንታ የት እንደሚጫወትና ከማን ጋር እንደሚለማመድ የሚወስነው አለቃው ነው፤ ከሚያገኘውም የሽልማት ገንዘብ ከመቶ 65 የሚሆነውን ለመንግሥት ይከፍል ነበር። በዚህ አሠራር የመጣው ፍሬ ቀላል አልነበረም። በ2004 ዓ.ም. በአቴና ኦሊምፒክ ሊ ቲንግና ሱን ቲያንቲያን በጥንድ ጨዋታ ወርቅ አገኙ፤ በ2006 ዓ.ም. ደግሞ ዤንግ ጂዬና ያን ዚ በአውስትራሊያና በዊምብልደን የጥንድ ዋንጫ አነሡ።

በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ግን ሊ ናን ጨምሮ አራት ከፍተኛ ተጫዋቾች ከዚህ አሠራር ወጥተው ራሳቸውን ችለው እንዲሠሩ ተፈቀደላቸው። ለመንግሥት የሚከፍሉት ከመቶ 8 እስከ 12 ወደሚሆን ዝቅ አለ፤ አሠልጣኛቸውንና የጉዞ ፕሮግራማቸውን ራሳቸው መረጡ፤ ወጪውንም ሁሉ ራሳቸው ተሸከሙ። ቻይናውያን ይህን «ለብቻ መብረር» ብለው ሰየሙት። ነጋዴ ሆኖ የዚህን ትርጉም የማይረዳ የለም፤ ደመወዝተኛው ሥራውን ለቆ በራሱ ስም ንግድ ፈቃድ ማውጣቱ ነው። ሊ ና በ2011 ዓ.ም. የፈረንሳይን፣ በ2014 ዓ.ም. የአውስትራሊያን ዋንጫ በማንሣት ፈቃዱ በከንቱ እንዳልተሰጠ አሳየች። ስለ ሊ ና ግን ብዙ ስለ ተጻፈ እዚህ ላይ እተዋታለሁ። ከመጀመሪያው ረድፍ በስተጀርባ ያሉት እንዴት እንደሚኖሩ የጻፈው ሰው ጥቂት ነው።

የዚህን ንግድ ጠባይ ለማያውቅ አንባቢ በአጭሩ ላስረዳ። የቴኒስ ተጫዋች ደመወዝ የለውም። ለአሠልጣኝ፣ ለአውሮፕላን ቲኬት፣ ለሆቴል፣ ለሐኪምና ለራኬት ጅማት አስቀድሞ ይከፍላል፤ ገቢው ግን የሚታወቀው ከተጫወተ በኋላ ነው። ደረጃውን የሚወስነው በየውድድሩ የሚሰበስበው ነጥብ ሲሆን፣ ያም ነጥብ የሚቆየው 52 ሳምንት ብቻ ነው። አምና በዚህ ሳምንት ያገኘውን ነጥብ ዘንድሮ በዚሁ ሳምንት ካልተካው ከመዝገቡ ይሠረዝበታል። የመድኃኒት አስመጪዎቻችን የአገልግሎት ጊዜው ያለፈበት ዕቃ ምን ማለት እንደ ሆነ ያውቃሉና ይህን ከሁሉ በፊት የሚረዱት እነርሱ ይመስሉኛል።

ግራንድ ስላም የሚባሉት አራቱ ታላላቅ ውድድሮች፣ ማለት የሜልቦርን፣ የፓሪስ፣ የለንደንና የኒውዮርክ፣ የዚህ ንግድ ዋና ገበያዎች ናቸው። በእያንዳንዱ ዋና ውድድር 128 ሴቶች በነጠላ ይጫወታሉ። ከነዚህ ውስጥ 104 ያህሉ በደረጃቸው በቀጥታ ይገባሉ፤ 16ቱ ሦስት የማጣሪያ ግጥሚያ አሸንፈው ይገባሉ፤ የቀሩት 8 አዘጋጁ በግብዣ ፈቃድ የሚያስገባቸው ናቸው። እንግዲህ ደረጃዋ ከ100ኛው በታች ጥቂት ዝቅ ያለ ሴት ከገበያው አጥር ውጭ ቆማ በር የምታንኳኳ ናት ማለት ነው። ከአጥሩ ውጭ ያለው ትንሹ ገበያ ደግሞ በአንዳንድ ከተማ ለተሳታፊው ሁሉ የሚከፋፈል 15,000 ዶላር ብቻ የሚቀርብበት ነው፤ እዚያ ሳምንቱን ሙሉ አሸንፎ ዋንጫ የወሰደው ተጫዋች እንኳ የሚደርሰው ከሁለት ሺሕ ዶላር እምብዛም አይበልጥም። ቲኬቱንና ሆቴሉን ቀንሱለት!

ወይዘሪት ዣንግ ገና በ20 ዓመት ዕድሜዋ፣ በ2009 ዓ.ም. በቤይጂንግ ውድድር ላይ፣ ደረጃዋ 226ኛ ሆና ሳለ በዚያን ጊዜ የዓለም አንደኛ የነበረችውን ሩሲያዊቱን ዲናራ ሳፊናን አሸነፈች። ይህ ወሬ በዓለም ተሰማ። በ2013 ዓ.ም. ደግሞ ደረጃዋ 112ኛ ሆና በጓንግዡ ከተማ በግብዣ ፈቃድ ገብታ የመጀመሪያ የነጠላ ዋንጫዋን ወሰደች። አንባቢ ሁለቱም ድሎች የተገኙት በአገርዋ መሬት መሆኑን ልብ ይበል። በዋናዎቹ የውጭ ገበያዎች ግን ዕቃዋ አልሸጥ አለ። ወደ ግራንድ ስላም ዋና ውድድር 14 ጊዜ ገብታ 14 ጊዜም በመጀመሪያው ግጥሚያ ተሸንፋ ወጣች።

እዚህ ላይ አሠሪዬ ብዕሬን አስቁመው ጠየቁኝ፤ «ታዲያ በምን ኖረች?» ጥያቄው ተገቢ ነው። በዚህ ንግድ ሽንፈትና ኪሣራ አንድ አይደሉም። በታላቁ ገበያ በመጀመሪያው ዙር የተሸነፈም ይከፈለዋል፤ ለምሳሌ በ2016 ዓ.ም. በሜልቦርን በመጀመሪያው ዙር ለወጣ ተጫዋች የተመደበው 38,500 የአውስትራሊያ ዶላር ነበር። በትንሹ ገበያ ዋንጫ ከማንሣት በትልቁ ገበያ ተሸንፎ መውጣት ብዙ እጥፍ ይከፍላል። ስለዚህ 14 ሽንፈቶችዋ ለዝናዋ ዕዳ ቢሆኑም ለኪስዋ ገቢ ነበሩ። ይህን የማይለይ ሰው የዚህችን ሴት ሕይወት ከልብ ወለድ ታሪክ ጋር ያምታታዋል። ከመዝገብ ላይ የማይሠፍር ወጪም መኖሩ ግን እውነት ነው፤ በዓለም ፊት 14 ጊዜ በመጀመሪያው ቀን ሻንጣን መሸከፍ ምን ያህል እንደሚከብድ በገንዘብ የሚተምነው የሒሳብ ሠራተኛ አላየሁም።

በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወይዘሪት ዣንግ ጨዋታውን ለመተው አሰበች። ደረጃዋ 133ኛ ሆኖ ነበር። ለመጨረሻ ጊዜ ልትሞክር ወደ ሜልቦርን ሄደች፤ ከዚህ በኋላ ሌላ ዕድል ላይኖር ይችላል በማለት ወላጆችዋን ይዛቸው ሄደች። በማጣሪያው ሦስት ግጥሚያ አሸንፋ ወደ ዋናው ውድድር ገባች። ዕጣው ግን የሚያስደስት አልነበረም፤ የወጣላት የውድድሩ ሁለተኛ ባለ ማዕረግ የሩማንያዋ ሲሞና ሃሌፕ ነበረች።

27 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ቀን የቀራት ወይዘሪት ዣንግ ሃሌፕን 6 ለ 4 እና 6 ለ 3 አሸነፈች። ከግጥሚያው በኋላ በሜዳው ላይ ስትጠየቅ መልስ ለመስጠት እስኪያቅታት አለቀሰች። በዚያ ሳምንት ለቅሶዋን በቴሌቪዥን ያየ ሰው ሁሉ ስለ እንባዋ ነው ያወራው። እኔ ግን ከእንባው ይልቅ የማደንቀው ከዚያ በኋላ ያደረገችውን ነው። ብዙ ሰው እንዲህ ያለ ቀን ካገኘ በኋላ በማግሥቱ እጁ ይዝላል። እርስዋ ግን ፈረንሳዊቱን አሊዜ ኮርኔን፣ ቀጥላም አሜሪካዊቱን ቫርቫራ ሌፕቼንኮን ሁለቱንም በቀጥታ አሸነፈች። በአራተኛው ዙር የመጣችባት ማዲሰን ኪስ የመጀመሪያውን ምድብ 6 ለ 3 ወስዳባት ነበር፤ ወይዘሪት ዣንግ ሁለቱን ተከታታይ ምድብ በዚያው ቁጥር፣ 6 ለ 3 እና 6 ለ 3፣ መልሳ ወሰደች። እስከ ሩብ ፍጻሜ ደርሳ በእንግሊዛዊቱ ዮሐና ኮንታ ተሸነፈች።

ሒሳቡ እንዲህ ይሆናል። ለሩብ ፍጻሜ የተመደበው 375,000 የአውስትራሊያ ዶላር ነው፤ ይኸውም በመጀመሪያው ዙር ብትሸነፍ ከምታገኘው ወደ አሥር እጥፍ የሚጠጋ ነው። ከገንዘቡም የሚበልጠው፣ ነጥቡ ለ52 ሳምንት የታላላቅ ገበያዎችን በር በቀጥታ የሚከፍት መሆኑ ነው። ማጣሪያ ቀረላት፤ የማጣሪያው ሳምንት የሆቴል ወጪም ቀረላት። በዚያው ዓመት መጨረሻ ከዓለም 30 ቀዳሚዎች መካከል ነበረች።

የሚቀጥሉትን ስድስት ዓመታት ቶሎ እናልፋለን፤ ንግድ ሲቃና የሚጻፍ ነገር ጥቂት ነውና። በ2017 ዓ.ም. በጓንግዡ ሁለተኛ የነጠላ ዋንጫ አገኘች። በ2019 ዓ.ም. በዊምብልደን ሩብ ፍጻሜ ደረሰች፤ በዚያም ያሸነፈቻት ያችው ሃሌፕ ናት። በ2022 ዓ.ም. በፈረንሳይ አገር በሊዮን ሦስተኛውን ዋንጫ ወሰደች፤ በፍጻሜው የገጠመቻት ዳያና ያስትሬምስካ ከዩክሬን ጦርነት ሸሽታ የመጣች ስለነበረች የተመልካቹ ልብ ለማን እንደ ነበረ መገመት አያስቸግርም። በነጠላ ከደረሰችባቸው ደረጃዎች ከፍተኛው 22ኛ ነው።

ነገር ግን በእነዚህ ዓመታት የሠራችው ትልቁ ሥራ ሁለተኛ የንግድ ዘርፍ መክፈትዋ ነው። ከአውስትራሊያዊቱ ሳማንታ ስቶሰር ጋር ተሻርካ በ2019 ዓ.ም. የአውስትራሊያን፣ በ2021 ዓ.ም. የአሜሪካን የጥንድ ዋንጫ ወሰደች። በጥንድ ጨዋታ የደረሰችበት ደረጃ 2ኛ ነው። ሸሪክ መምረጥ እንዴት ያለ ከባድ ነገር እንደ ሆነ ለዚህ ጋዜጣ አንባብያን መንገር ለቀባሪው አረዱት ይሆንብኛል። ስቶሰር በራስዋ የ2011 ዓ.ም. የአሜሪካ የነጠላ ባለ ዋንጫ ነበረች፤ ወይዘሪት ዣንግ ከእርስዋ የምትበልጥ ሸሪክ መያዝ አላሳፈራትም።

ከዚህ በኋላ ክፉው ዘመን መጣ። ከ2023 ዓ.ም. መጀመሪያ አንሥቶ በነጠላ ጨዋታ ማሸነፍ ተሳናት። በዚያው ዓመት ሐምሌ በቡዳፔስት አንድ ኳስ መስመር ነክቷል አልነካም በሚል ክርክር ተነሣ፤ ዳኛው ፈረደባት፤ ኳሱ በአሸዋው ሜዳ ላይ ያተመውን ምልክት ተጋጣሚዋ በእግርዋ አጠፋችው። ወይዘሪት ዣንግ በድንጋጤ ታምማ ግጥሚያውን አቋርጣ ወጣች። ማስረጃ የሆነ ሰነድ በዓይኑ ፊት ሲቀደድ ያየ ሰው ብቻ ነው ይህን ስሜት የሚያውቀው። ሽንፈቱ ግን በዚያ አላቆመም፤ 24 ጊዜ በተከታታይ ደረሰባት። ከ600 ቀን በላይ በነጠላ አንድም ግጥሚያ አላሸነፈችም። ነጥቦቿ በየሳምንቱ ከመዝገቡ እየተሠረዙ ደረጃዋ 595ኛ ደረሰ። ዕድሜዋም 35 ዓመት ነበር።

እንግዲህ የአሠሪዬ ደንብ እዚህ ላይ ቢሠራ ሱቁ ይዘጋ ነበር። እኔም በሐቅ ልናገር፤ የነጠላውን መዝገብ ብቻ ይዤ ብመረምር ይዘጋ ብዬ እፈርም ነበር። ሆኖም ሁለተኛው መዝገብ አለ። በ2024 ዓ.ም. በመስከረም መግቢያ፣ በነጠላ አንድ ግጥሚያ ማሸነፍ ባልቻለችበት በዚያው ወራት፣ ከፈረንሳዊቱ ክሪስቲና ምላዴኖቪች ጋር ሆና በኒውዮርክ የአሜሪካ የጥንድ ውድድር ለፍጻሜ ቀረበች። ተሸነፉ፤ ነገር ግን ለሁለተኛነት የተመደበው 375,000 የአሜሪካ ዶላር ነበር። አንባቢ ቁጥሩ ከሜልቦርኑ ጋር አንድ በመሆኑ እንዳይሳሳት፤ ያኛው የአውስትራሊያ ዶላርና የብቻዋ ነው፤ ይኸኛው የአሜሪካ ዶላር ሆኖ ለሁለት የሚካፈል ነው።

ሰዎች ይህችን ሴት ሲያመሰግኑ በጽናትዋ ነው። ጽናትዋን አልክድም። ነገር ግን ጽናት ስንቅ ይፈልጋል። የነጠላው ሱቅ ባዶ በነበረባቸው ቀናት ኪራዩን የከፈለው የጥንዱ ሱቅ ነው። ሌላም ድጋፍ ነበራት፤ ቻይና ታላላቅ ውድድሮችን የምታዘጋጅ አገር ስለ ሆነች ለራስዋ ተጫዋቾች የግብዣ ፈቃድ መስጠት ትችላለች። ደረጃዋ 595ኛ የሆነች የሌላ አገር ሴት፣ የቱንም ያህል ብትጸና፣ በቤይጂንጉ ዋና ውድድር በር ላይ ትቀራለች። እንዲህ ያለ ድጋፍ ሳይኖራቸው እንደ እርስዋ ጸንተው በዕዳ የወጡ ስንት እንደ ሆኑ የሚመዘግብ ጋዜጣ የለም፤ ድል ያላደረገ ሰው ወሬ አይሆንምና።

በመስከረም መጨረሻ 2024 ዓ.ም. በዚሁ የግብዣ ፈቃድ ወደ ቤይጂንግ ውድድር ገባች። ሳፊናን ያሸነፈችው ከ15 ዓመት በፊት በዚሁ ውድድር ነበር። በመጀመሪያው ግጥሚያ አሜሪካዊቱን መካርትኒ ኬስለርን በሁለት ምድብ አሸነፈች፤ ሁለቱም ምድቦች እስከ 7 ለ 6 የተጎተቱ ነበሩ። የ24ቱ ሽንፈት ሰንሰለት ተበጠሰ። ቀጥሎ በዚያን ጊዜ ከዓለም 10 ቀዳሚዎች አንዷ የነበረችው ኤማ ናቫሮ መጣች፤ እርስዋንም 6 ለ 4 እና 6 ለ 2 አሸነፈቻት። ሁለት ሌሎች ግጥሚያዎች ጨምራ ለሩብ ፍጻሜ ከደረሰች በኋላ በስፔናዊቱ ፓውላ ባዶሳ ተሸነፈች። በዚያ ውድድር ታሪክ ከእርስዋ ያነሰ ደረጃ ይዞ ሩብ ፍጻሜ የደረሰ ሴት ተጫዋች አልነበረም።

በ2025 ዓ.ም. ሐምሌ ደግሞ በዋሽንግተን ከአሜሪካዊቱ ቴይለር ታውንሰንድ ጋር የጥንድ ዋንጫ አነሣች። ዕድሜዋ 36 ነበር።

ይህን ሁሉ በንጹሕ ገልብጬ ለአሠሪዬ አነበብሁላቸው። መነጽራቸውን አውልቀው እስከ መጨረሻው አዳመጡ። ስለ ሜልቦርኑ እንባ ምንም አላሉም። «ያ የጥንዱ ነገር» አሉኝ፤ «የጀመረችው ከ14ቱ ሽንፈት በፊት ነው ወይስ በኋላ?»

«ጥንድስ ድሮም ትጫወት ነበር፣ ጋሼ፤ ትልቁ ትርፍ የመጣው ግን በኋላ ነው» አልሁ።

ጥቂት ዝም አሉ። ከዚያም፣ «የመለዋወጫውን መዝገብ አምጪው እስቲ፣ ልጄ፤ የክሩንና የመርፌውንም ጨምረሽ። ክር ሊገዛ የመጣው ሰው ያን መደርደሪያ አይቶት ያውቃል? የተተከለው ከጓዳ በኩል አይደለም እንዴ?» አሉ። መዝገቦቹን አመጣሁላቸው፤ እስከ ምሽቱ ሁለት ሰዓት ድረስ ስናመሳክር ቆየን። መደርደሪያው ወደ ፊት ለፊት ተዛውሯል፤ እስከ ታኅሣሥ ቆጠራ ድረስ ጊዜ ተሰጥቶታል።